«ጥቁር ዝንብ»ና «ደስታ»፤ ሐውልት ያልቆመለት የጋራ ኀዘን

በየከተሞቻችን አደባባይ የቆሙት ሐውልቶች አብዛኞቹ የጦርነት ልጆች ናቸው። ድል ያቆማቸው አሉ፤ ጭፍጨፋ ያቆማቸው አሉ፤ አንዱ መንግሥት አቁሟቸው ተከታዩ ያፈረሳቸውም አልታጡም። ድርቅ፣ ረኃብና ወረርሽኝ ግን በዚች አገር ታሪክ ከጦርነት የማያንስ ሕይወት ቀጥፈው ሳለ በድንጋይ ሲታሰቡ እምብዛም አናይም። ይህ ጽሑፍ ከ1880 እስከ 1884 ዓ.ም ገደማ የደረሰውንና በአማርኛ «ክፉ ቀን» የተባለውን እልቂት መነሻ አድርጎ፣ ብዙ ሕዝብ በአንድነት ያዘነው ኀዘን ሐውልት ሳይቆምለት በምን እንደሚታወስ ለመመርመር ይሞክራል። የምመለከተው አካባቢ ነጌሌ ቦረናና በዙሪያዋ ያሉት የደቡብ ቆላ ከተሞች ናቸው። ስለ ክፉ ቀን ሲነገር ብዙውን ጊዜ የምንሰማው የደገኛውን፣ በሬ አጥቶ ማረስ ያቃተውን ገበሬ ታሪክ ስለ ሆነ፣ ከብቱ እርሻውም ጎተራውም የሆነለት አርብቶ አደር ያንኑ ዘመን እንዴት እንደ ያዘው መጠየቅ ተገቢ መስሎ ታይቶኛል።

በአማርኛ የታሪክ መጻሕፍት ነጌሌ የምትገባው በሁለት በር ነው። አንደኛው የጣሊያን ወረራ ነው። በ1928 ዓ.ም በጥር ወር የግራዚያኒ ጦር በገናሌ ዶሪያ ግንባር የራስ ደስታ ዳምጠውን ሠራዊት ሰብሮ ጥር 11 ቀን ነጌሌን ያዘ። ከዚያ ሦስት ሳምንት ቀደም ብሎ፣ ታኅሣሥ 20 ቀን፣ መልካ ዲዳ ላይ የነበረው የስዊድን ቀይ መስቀል የሕክምና ጓድ በአውሮፕላን ተደብድቦ ሕሙማንና ከሐኪሞቹ ጋር የመጣው ጉናር ሉንድስትሮም ሞተዋል፤ የጓዱ መሪ ዶክተር ሂላንደርም ቆስሏል። ሁለተኛው በር ጥር 4 ቀን 1966 ዓ.ም በነጌሌ የነበረው የጦር ክፍል በምግብና በውኃ ጉዳይ ማመፁ ነው። ወታደሮቹ ሊያነጋግሯቸው የተላኩትን የምድር ጦር አዛዥ፣ ሌተና ጄኔራል ደረሰ ዱባለን፣ ይዘው እነርሱ የሚበሉትንና የሚጠጡትን አቀመሷቸው። የየካቲት 1966 አብዮት ታሪክ ብዙ ጊዜ ከዚህ ይጀመራል። ልብ ያለው አንባቢ እዚህ ላይ አንድ ነገር ያስተውላል። የተጻፈው ታሪክ ነጌሌ ላይ ጥም መኖሩን የተረዳው የተጠማው ወታደር በሆነ ጊዜ ነው። ከብቱን ነድቶ ቀናት የሚጓዘው የአገሩ ሰው ጥም በዚያ ታሪክ ውስጥ የለም።

ስለ አንደኛው በር አንድ ነገር መጨመር እፈልጋለሁ። ግራዚያኒ ለድሉ የተሰጠው የማዕረግ ስም «የነጌሌ ማርኬዝ» የሚል ነው። የካቲት 12 ቀን 1929 ዓ.ም በአዲስ አበባ የደረሰው ጭፍጨፋ የተፈጸመው በእርሱ አገዛዝ ነው። ለዚያ እልቂት ስድስት ኪሎ ላይ ሐውልት ቆሞለታል፤ የሠሩት አውጉስቲንቺችና ክርሺኒች የተባሉ የዩጎዝላቪያ ቀራጮች ሲሆኑ የነሐስ ቅርጾቹ የጭፍጨፋውን ቀናት በዝርዝር ያሳያሉ። ከዚያ በኋላ ደግሞ በ2004 ዓ.ም ማብቂያ (ነሐሴ 2012 እ.ኤ.አ.) ሮም አጠገብ በምትገኘው አፊሌ ለግራዚያኒ ራሱ መታሰቢያ ተመርቆለታል። ስለዚህ የነጌሌን ስም በማዕረጉ የተሸከመው ሰው በአገሩ መታሰቢያ አለው፤ ገናሌ ዳር የወደቁት ግን ያን ያህል የሚታይ ምልክት የላቸውም። ይህን የምለው ለቁጭት ያህል ብቻ አይደለም። ሐውልት የሚቆመው አቋሚ ሲኖር፣ ማለትም ገንዘብ፣ መሬትና መንግሥት ያለው ወገን ሲገኝ መሆኑን ስለሚያሳይ ነው። ክፉ ቀን ደግሞ እንዲህ ዓይነት ወገን አልነበረውም።

የእልቂቱ መነሻ ዛሬ በሚገባ ይታወቃል። በ1887 እ.ኤ.አ. ለጣሊያን ጦር ስንቅ ከሕንድ በምጽዋ በኩል ከገቡ ከብቶች ጋር በሽታው ገባ። በጥቂት ዓመታት ውስጥ ከሰሜን እስከ ደቡብ ጠርጎ ከመቶ ዘጠና የሚደርስ ከብት እንደ ፈጀ ይገመታል። በበሬው እልቂት ላይ ድርቅ፣ አንበጣና ተምች ተደራረቡበት። ሪቻርድ ፓንክረስት ዘመኑን በሚመለከት በ1966 እ.ኤ.አ. ባወጡት ጥናት እንዳሳዩት ረኃቡ የደረሰው ገበሬው የሚያርስበት በማጣቱ ነው። ዐፄ ምኒልክም ሕዝቡ በእጁ እንዲቆፍር ለማበረታታት ራሳቸው ዶማ ይዘው መሬት መቆፈራቸው በዜና መዋዕል ሳይቀር ተወስቷል። በሽታው በደቡብ በኩል ድንበር አላቆመውም። ወደ ኬንያ ወርዶ የማሳይን ከብት ፈጀ፤ ማሳዮች ያን ዘመን «ኤሙታይ»፣ ማለት ፈጽሞ የመጥፋት ዘመን ይሉታል። በ1896 እ.ኤ.አ. ደግሞ ደቡባዊ አፍሪካ ደረሰ። እንግዲህ ከምጽዋ እስከ አፍሪካ ደቡባዊ ጫፍ በአንድ ትውልድ ዕድሜ ያለቀሰው ሰው ብዛቱ ሲታሰብ፣ በዚህ አህጉር እንዲህ ሰፊ የሆነ የጋራ ኀዘን መኖሩን እጠራጠራለሁ።

ወደ ስሙ ልመለስ፤ ለሥነ ጽሑፍ ተማሪ ዋናው ጉዳይ ያለው እዚያ ነውና። አማርኛ ዘመኑን «ክፉ ቀን» አለው። ብዙ ዓመት የቆየውን መከራ «ቀን» ብሎ ማሳጠሩ ራሱ የሚያስገርም ነው። በሽታውን ግን «ደስታ» አለው። የከብት ደስታ በሽታ እስከ ዘመናችን ድረስ በግብርና መሥሪያ ቤት ደብዳቤ ሳይቀር የሚጠራበት ስም ይኸው ነው። እኔ ይህን የምተረጉመው ክፉውን በስሙ ጠርቶ ላለማስቆጣት ከሚደረግ የአነጋገር ጥንቃቄ ጋር አያይዤ ነው። ጅብን «አያ ጅቦ» ብሎ እንደ ታላቅ ወንድም የሚጠራ ቋንቋ፣ በረቱን ባዶ ያስቀረውን በሽታ «ደስታ» ቢለው አያስደንቅም። ከዚህ ጥንቃቄ ግን ከባድ ምፀት ተወልዷል። ዛሬ «ደስታ ገባ» የሚል ዐረፍተ ነገር ያለ አገባቡ የሰማ ወጣት ሠርግ ያለ ይመስለዋል።

ቦረናዎች ያንኑ ዘመን የሚያስታውሱት «ቲቴ ጉራቻ»፣ «ጥቁር ዝንብ» በሚል ስም ነው። ሥዕሉ ግልጽ ነው፤ ሜዳውን የሞላው በድንና በድኑን ያለበሰው ዝንብ። አማርኛው ስም የሸፈነውን ኦሮምኛው ገልጦታል። አንዱ ጆሮ እንዳይሰማ አለዘበ፤ ሌላው ዐይን ያየውን እንዳለ አስቀረ። ሁለቱ ስሞች ስለ ሁለቱ ሕዝቦች ጠባይ አንዳች ትልቅ ነገር ይናገራሉ የሚል ድምዳሜ ላይ ለመድረስ ግን አልቸኩልም። ደገኛውም በሌላ አጋጣሚ እንዳየ ይናገራል፤ ቦረናውም በሌላ አጋጣሚ ይሸፍናል። የሚያስፈልገኝ ያነሰ ነገር ነው። ሁለት ቋንቋዎች አንዱን እልቂት በሁለት የተለያየ የዘይቤ መንገድ በስም አስቀምጠውታል፤ ሌላ መታሰቢያም አላቆሙለትም።

ስም ብቻውን እንዴት ያቆያል የሚል ጥያቄ ይነሣል። በቦረና ዘንድ መልሱ ከገዳ ሥርዓት ጋር የተያያዘ ነው። ገዳ በዩኔስኮ መዝገብ የገባው በ2016 እ.ኤ.አ. ይሁን እንጂ አስመሮም ለገሠ በ1973 እ.ኤ.አ. ባሳተሙት መጽሐፋቸው የቦረና የቃል ታሪክ አዋቂዎች በየስምንት ዓመቱ የሚለዋወጡትን የአባ ገዳዎች ስም በቅደም ተከተል ይዘው፣ በእያንዳንዱ ዘመን የሆነውን እየጠቀሱ ብዙ መቶ ዓመት ወደ ኋላ እንደሚቆጥሩ አሳይተዋል። ስለዚህ አንድ ድርቅ ወይም አንድ ወረርሽኝ የሚቀመጠው በአንድ ሰው ገዳ ውስጥ ነው። በዚህ ላይ «ዳጪ» የሚሉት ሐሳብ አለ። ባለፈ ዘመን የደረሰ ነገር በዘር ተዋረድ ተከትሎ በኋለኛው ገዳ ላይ ጥላውን ይጥላል። አባት በገዳው ያየውን መከራ ልጅ በገዳው ሊያየው ይችላልና መዘጋጀት አለበት ማለት ነው። እንግዲህ ስሙን መያዝ የሞተውን ከማክበር ያለፈ ሥራ አለው፤ ለሚመጣው ማስጠንቀቂያም ጭምር ነው። የጥቁር ዝንብ ዘመን ካለፈ ከጥቂት ዓመታት በኋላ የማዕከላዊው መንግሥት ጦር በፊታውራሪ ሀብተ ጊዮርጊስ መሪነት ቦረና መድረሱም በዚህ ዓይነቱ አቆጣጠር ጎን ለጎን የሚቀመጥ ነው። ከብቱ ያለቀበት ሕዝብና አዲስ ገዢ የተገናኙት በአንድ ትውልድ ዘመን ነው።

የደገኛው መታሰቢያ ደግሞ ምንድን ነው? ቃሉን ስንመረምር «ተዝካር» የወጣው «ዘከረ»፣ አስታወሰ ከሚለው የግዕዝ ግሥ ነው። የአማርኛ ተናጋሪ ሙታኑን የሚያስበው በድግስ ነው ማለት ነው። ለሐዘንተኛ እዝን ይወሰድለታል፤ በአርባው ይታረዳል፤ ድሃ ይበላል፤ ካህን ይፈታል። ይህ ሁሉ እህልና ከብት ይጠይቃል። በክፉ ቀን ታዲያ የሞተው ሰው በምን ይታሰባል? ጠማቂው ሞቷል፤ ሰንጋው ሞቷል፤ ሊበላ የሚመጣውም ተሰዷል። እዝን የሚወስድ ጎረቤት ራሱ እዝን የሚያስፈልገው ነበር። ኀዘን የጋራ በሆነ መጠን ኀዘንን የሚሸከመው ሥርዓት አብሮ የሚፈርስ መሆኑን ከዚህ የበለጠ የሚያስረዳ ምሳሌ አላገኘሁም። ባለ ሙሾዋስ ብትሆን ለማን ታወርድ? ሙሾ አንድ ሟች፣ አንድ ስም፣ አንድ ሙያ ይፈልጋል፤ የጀግናውን ጦር፣ የባልቴቷን ደግነት ይዘረዝራል። መንደር ሙሉ ሲሞት የሚዘረዘር አይገኝም። በእኔ አስተያየት ክፉ ቀን በቃል ግጥማችን ውስጥ ከግዝፈቱ ጋር የሚመጣጠን ቦታ ያላገኘው በዚህ ምክንያት ነው።

ከቦረና በስተ ምዕራብ ያለው ኮንሶ በአንጻሩ ለሙታኑ ያቆማል። «ዋካ» የተባሉት ከጽድ የተጠረቡ ምስሎች ለታላላቅ ሰዎችና ለጀግኖች የሚቆሙ ናቸው። መካከል ላይ ሟቹ ይቆማል፤ ግንባሩ ላይ የማዕረግ ጌጥ አለ፤ ከጎኑ ሚስቶቹ፣ ከዚያም የገደላቸው ጠላቶች ወይም አውሬዎች ይደረደራሉ። የኮንሶ መልክዓ ምድር በ2011 እ.ኤ.አ. በዓለም ቅርስነት ሲመዘገብ እነዚህም ከመለያዎቹ አንዱ ነበሩ። ብዙዎቹ ተሰርቀው ለባዕድ ገዢ ተሸጠዋል፤ ከሌባ የተረፉትና የተመለሱት ከፊሎቹ በካራት ከተማ ሙዚየም ውስጥ ተቀምጠዋል። ዋካ ውብ ነው። ይሁንና የገደላቸው ተብለው ከጎኑ የቆሙት ምስሎች የማን ልጆች ናቸው? አንዱ ወገን እንባውን የሚያብስበት እንጨት ለሌላው ወገን የተሸናፊነት ምልክት ነው። በዚህ ረገድ ዋካና የአደባባይ ሐውልቶቻችን ወንድማማች ናቸው። ቦረና፣ ጉጂ፣ ገሪ፣ ደጎዲያ፣ ኮንሶ በግጦሽና በውኃ እየተጋጩ በኖሩበት ምድር የሚቆም የጦርነት መታሰቢያ ሁሉ ይህ ችግር አለበት። ከብትን ያጠፋው በሽታ ግን ወገን አልለየም። በዚያ አካባቢ ሁሉም «እኔም አልቅሻለሁ» ሊል የሚችልበት፣ ማንም «አንተ ነህ ያስለቀስኸኝ» የማይባልበት አንድ ትልቅ ኀዘን ቢኖር እርሱ ነው።

ይህን ሐሳብ ያነሣሣኝ በክረምት መርሐ ግብር ከማስተምራቸው መምህራን አንዱ የጻፈው አጭር ልብ ወለድ ነው። ሰውየው ከነጌሌ አካባቢ የመጣ ነው። አማርኛን በትምህርት ቤት እንደ ሁለተኛ ቋንቋ የተማረ በመሆኑ ዐረፍተ ነገሮቹ አጫጭርና ጥንቁቅ ናቸው። የሰጠሁት የቤት ሥራ በካርታ ላይ የሌለ አገር እንዲፈጥሩ ነበር። እርሱ የፈጠረው አገር አራት ጎሳዎች የሚኖሩበት ደረቅ ሜዳ ነው፤ ጎሳዎቹ አይነጋገሩም። በሜዳው መካከል አንድ ኩይሳ አለ። በደቡብ ቆላ የተጓዘ ሁሉ ያን ከሰው ቁመት በላይ የሆነ ቀይ የምስጥ ግንብ ያውቀዋል። ከብት ባለቀበት ዓመት እያንዳንዱ ጎሳ ሌሎቹ ሳያዩት በሌሊት እየመጣ የመጨረሻ ላሙ ከወደቀችበት ቦታ አንድ እፍኝ አፈር አምጥቶ ኩይሳው ላይ ያፈሳል። ጠዋት አራቱም ከሩቅ አይተው «ኩይሳችን አደገ» ይላሉ። አንድ ሌሊት ሁለት ወገኖች ተገጣጠሙ። ታሪኩ ያበቃው ሁለቱም እጃቸውን እንደ ጨበጡ፣ አፈሩን ሳያፈሱ፣ ቆመው ነው።

በክፍል ውስጥ ሲነበብ ክርክር ተነሣ። ከኮንሶ የመጣች መምህርት «ፊት የለውም፤ ፊት የሌለው ነገር ሰው አያስታውስም» አለች። ሌላው መጨረሻው አልተጠናቀቀም ብሎ ነቀፈ። ደራሲውን ለምን እንዳላስታረቃቸው ጠየቅሁት። «መምህር፣ እርስዎ የማይሆን ነገር ጻፍ አላሉኝም፤ የሌለ አገር ፍጠር ነው ያሉኝ» ሲል መለሰልኝ። የመምህርቷ ነቀፌታ ግን ቀላል አይደለም። ዋካ ፊት አለው፤ ሙሾ ስም አለው፤ ኩይሳው ሁለቱም የለውም። ቢሆንም ፊት የሌለው መሆኑ ነው አራቱም የእኔ እንዲሉት ያስቻላቸው። ማንም አልገነባውም፤ መሬት አልተመራለትም፤ መራቂ ባለሥልጣን አላስፈለገውም። ከዚያ ወዲህ ባነበብኋቸው የተማሪ ጽሑፎች ውስጥ እንዲህ በቂ ምክንያት ያለው ምናባዊ ሐውልት አላጋጠመኝም።

ከቦረና ጋር የተዋወቁ አንዳንድ ሰዎች የዚህ ሕዝብ ሐውልት ቱላ ኤላዎቹ ናቸው ይላሉ። ጥንት በሰው እጅ የተቆፈሩት ጥልቅ ኤላዎች፣ ሰዎች ከታች እስከ ላይ በመሰላል ተደርድረው ውኃውን በቅብብል እያወጡ የሚዘፍኑባቸው፣ በርግጥ የሚያስደንቁ ናቸው። ይህን አባባል ግን አልቀበለውም። ኤላው የሥራ ቦታ ነው፤ ባለቤት፣ ተራ፣ ሕግና ቅጣት አለው። ዘፈኑም ሥራውን የሚያቃልል፣ ከብቱን የሚጠራ ነው። ለእኛ ስለ ተዋበ ብቻ የሌላውን የዕለት ልፋት ሐውልት ማድረግ የጎብኚ ልማድ ነው።

የጽሑፍ ሥነ ጽሑፋችንስ? የመጀመሪያው የአማርኛ ልብ ወለድ፣ የአፈወርቅ ገብረ ኢየሱስ «ልብ ወለድ ታሪክ»፣ በ1900 ዓ.ም ሮም ሲታተም ክፉ ቀን ካለፈ ገና ሃያ ዓመት አልሞላም ነበር። አገሩና ዘመኑ በስም ያልተገለጸ፣ ምናባዊ ሊባል የሚችል ዓለም ነው። በዚያ ዓለም ግን መከራው የሚመጣው ከጦርነትና ከምርኮ ነው። ልብ ወለዳችን ከጥንስሱ ኀዘንን ከጦር ሜዳ መቅዳት ለመደ፤ በኋላም ብዙው ድርሰት በዚያው ፈለግ ሄደ። ለደቡብ ቆላ ደግሞ ሌላ ችግር ይጨመራል። አማርኛ በነጌሌ ለረጅም ዘመን የጽሕፈት ቤት፣ የፍርድ ቤትና የጦር ሰፈር ቋንቋ ሆኖ ኖሯል። ከ1984 ዓ.ም ወዲህ ልጆች የሚማሩት በኦሮምኛ ነው፤ ይህም ተገቢ ነው። እንግዲህ የአማርኛ ክፍለ ትምህርት ከዚያ ለመጣ ተማሪ የሚያቀርበው ምንድን ነው? ማመልከቻ የሚጻፍበት ቋንቋ ብቻ ከሆነ ተማሪው ባይመጣ አይፈረድበትም። የእርሱ ጥቁር ዝንብና የጎንደሬው ክፉ ቀን አንድ መሆናቸው የሚነገርበት ቋንቋ ከሆነ ግን ነገሩ ይለወጣል። የኩይሳው ደራሲ አማርኛን ለዚህ ሥራ ሲያውለው ማንም አላዘዘውም።

ጉዳዩ የድሮ ብቻ አይደለም። ከ2013 ዓ.ም ጀምሮ አምስት የዝናብ ወቅቶች በተከታታይ ከሽፈው በደቡብና በምሥራቅ ቆላዎች በሚሊዮን የሚቆጠር ከብት አልቋል። ያ ድርቅ የወደቀው በአባ ገዳ ኩራ ጃርሶ ዘመን ነው። ሥልጣኑ በ2017 ዓ.ም ለተከታዩ ተላልፏል፤ ስለዚህ በቦረና አቆጣጠር የዚያ ድርቅ ዘመን ተዘግቶ ወደ ተራኪዎቹ እጅ ገብቷል ማለት ነው። በአማርኛ ግን «የቦረና ድርቅ» ከሚል የዜና ርእስ ያለፈ ስም አላየሁለትም። የሥነ ቃል ጥናት የምትጽፉ ተማሪዎች ርእስ ስትፈልጉ እዚህ ጀምሩ። ተራኪዎቹ ዘመኑን በምን ቃል፣ በየትኛው ቀድሞ ያለፈ ገዳ አጠገብ እያስቀመጡ እንደሚተርኩት፣ ከብት ያለቀበት ሰው በገበያና በኤላ ዳር ምን እንደሚል ተሰብስቦ መመዝገብ ያለበት አሁን ነው። ድርቁን በእረኝነቱ ያየ ልጅ ገና ትምህርት ቤት ነው፤ ጥቁር ዝንብን ከዐይን ምስክር የሰሙት ሽማግሌዎች ግን ጥቂት ቀርተዋል።

ያ አሮጌው በሽታ በኢትዮጵያ ለመጨረሻ ጊዜ የታየው በ1995 እ.ኤ.አ. ነው። በዓለም ለመጨረሻ ጊዜ የታየው በ2001 እ.ኤ.አ. በኬንያ ሜሩ ብሔራዊ ፓርክ፣ በጎሽ ላይ ነው፤ በ2011 እ.ኤ.አ. ከምድር መጥፋቱ በይፋ ታወጀ። ኬንያ በ2010 እ.ኤ.አ. በፕሬዚዳንት ኪባኪ አማካይነት በዚያው ፓርክ መታሰቢያ አቁማለች። ከነጌሌ ወደ ደቡብ ሲሄዱ ድንበሩን ተሻግሮ ያለው ይህ ሐውልት የሚያስታውሰው የበሽታውን ፍጻሜ፣ የክትባቱንም ድል ነው፤ በ1880ዎቹ ባዶ በረት ፊት የቆመው ሰው በዚያ የለም። በእኛ በኩል የቀረው ቃሉ ነው። ዛሬ በግና ፍየልን የሚፈጅ፣ ከአሮጌው ጋር የሚዛመድ ሌላ በሽታ አለ፤ በ2030 እ.ኤ.አ. ለማጥፋት ዓለም አቀፍ ዕቅድ ተይዞለታል። የእንስሳት ሐኪሞቻችን «ደስታ መሰል» ይሉታል።